የሰው ስም በሐሜት ሚዛን
(«ሲ ኢት ናው» የተባለው የቴሌቪዥን ዝግጅት ታሪክ)

የታሪክ ትምህርት ሲነሣ ብዙዎቻችንን አስቀድሞ ትዝ የሚለን የነገሥታት ዙፋን፣ የጦር ሜዳና የድል ቀን ነው። ዳሩ ግን ታሪክ በአንድ ትንሽ ክፍል ውስጥ፣ በአንድ ወንበር ላይ ተቀምጦ በእርጋታ በሚናገር ሰው አፍም ሊሠራ ይችላል። የትምህርት ቤታችን የምሥረታ በዓል መታሰቢያ በሆነው በዚህ መጽሔት ላይ አንድ የታሪክ ጽሑፍ እንድናቀርብ በታዘዝን ጊዜ፣ ብዙ ከተከራከርን በኋላ የመረጥነው ይህን ዓይነቱን ታሪክ ነው። እርሱም በአሜሪካ አገር ከ1951 እስከ 1958 ድረስ በቴሌቪዥን ይታይ የነበረው «ሲ ኢት ናው» የተባለው ዝግጅት ታሪክ ነው። ስሙ ወደ አማርኛ ሲመለስ «አሁኑኑ እየው» እንደ ማለት ነው። ስለ ምን ይህን እንደ መረጥን በመጨረሻ እንገልጣለን። በጽሑፋችን ውስጥ ሌላ ካልተባለ በቀር ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው።

ሁለት ውቅያኖስ በአንድ መስኮት

የዝግጅቱ መሪ ኤድዋርድ ሙሮ የተባለ ጋዜጠኛ ነበር። ሙሮ በ1908 በሰሜን ካሮላይና ከገበሬ ቤተ ሰብ ተወለደ። ስሙ የገነነው በራዲዮ ነው። በ1940 የጀርመን አውሮፕላኖች ለንደንን በቦምብ ሲደበድቡ እርሱ ከዚያው ከተማ ሆኖ ያየውንና የሰማውን ለአሜሪካ ሕዝብ ይነግር ነበር። ጦርነቱ ሊያበቃ ሲል በሚያዝያ 1945 ደግሞ ቡኸንቫልድ ወደ ተባለው የናዚዎች እስር ቤት ገብቶ የተመለከተውን ግፍ ለሰሚው አስተላለፈ። ከጦርነቱ በኋላ ፍሬድ ፍሬንድሊ ከተባለ አዘጋጅ ጋር ተባብሮ በመጀመሪያ የዘመኑን ታላላቅ ሰዎች ድምፅ የያዘ ሸክላ አወጣ፤ ቀጥሎም በ1950 «ሂር ኢት ናው»፣ ማለት «አሁኑኑ ስማው» የተባለ የራዲዮ ዝግጅት ጀመሩ። መስማት ወደ ማየት የተለወጠው ከአንድ ዓመት በኋላ ነው።

በዚያን ጊዜ ቴሌቪዥን ገና ሕፃን ነበር። የኒው ዮርክ ሰው የሚያየውን የካሊፎርኒያ ሰው በዚያው ቅጽበት ሊያየው አይችልም ነበር። የምሥራቁን ጠረፍ ከምዕራቡ ጠረፍ የሚያገናኘው የቴሌቪዥን መስመር ሥራ የጀመረው በመስከረም 1951 ነው። ሙሮና ባልደረቦቹ ይህን አዲስ ነገር በመጀመሪያው ቀን ተጠቀሙበት። እሑድ ኅዳር 18 ቀን 1951 ሙሮ በሲቢኤስ ኩባንያ የመቈጣጠሪያ ክፍል ውስጥ ተቀምጦ፣ በፊቱ ባሉት ሁለት መስኮቶች በአንዱ የኒው ዮርክን የብሩክሊን ድልድይ፣ በሁለተኛው የሳን ፍራንሲስኮን ድልድይ በአንድ ጊዜ አሳየ። ተመልካቹ በቤቱ ተቀምጦ አትላንቲክንና ፓሲፊክን ባንድነት አየ። ከዚያ በፊት እንዲህ ያለ ነገር በሰው ልጅ ዓይን ታይቶ አያውቅም ነበር። ቢሆንም ሙሮ አልታበየም፤ እኛ አዲስ ሙያ ለመማር የምንሞክር የቆየን ጓደኛሞች ነን የሚል ቃል ነበር የተናገረው።

ተራው ሰው እንዲናገር

ከዚያ ቀደም በቴሌቪዥን የሚታየው ዜና ለሲኒማ ቤት ከተነሣ ፊልም እየተቈረጠ የሚቀጠል ነበር። መርከብ ወደ ባሕር ሲወርድ፣ ሹም ሪባን ሲቈርጥ፣ ቆነጃጅት ሲወዳደሩ ይታይ ነበር። «ሲ ኢት ናው» ግን የራሱን ካሜራ አንሺዎች ወደየስፍራው ላከ። ተዋናይ አልቀጠረም፤ የሚጠየቀውም ሰው መልሱን አስቀድሞ እንዲያጠና አላደረገም። አንድ ሰው ሲያመነታ፣ ሲያለቅስ ወይም ቃል ሲያጣ ፊቱ እንዳለ ይታይ ነበር። አያሌ ሜትር ፊልም ይነሣና ከዚያ ሁሉ ውስጥ ጥቂቱ ተመርጦ ይወጣል።

የዚህ አሠራር ጥቅም ከሁሉ ይልቅ የታየው በታኅሣሥ 1952 ነው። ሙሮ ከብዙ ባልደረቦቹ ጋር ወደ ኮርያ ሄደና «የገና በዓል በኮርያ» የተባለውን የአንድ ሰዓት ፊልም ይዞ ተመለሰ። በመጀመሪያ የሚታየው የጦር አዛዥ ወይም የጦር ካርታ አልነበረም፤ በብርድ የደረቀውን መሬት በአካፋ ለመቈፈር የሚታገል አንድ ወታደር ነበር። አካፋው ከመሬቱ ጋር ሲጋጭ ይሰማል፤ መሬቱም እንቢ ይላል። ከዚያም ወታደሮቹ በየተራ ስማቸውንና አገራቸውን እየጠሩ ስለ ብርዱ፣ ስለ ናፍቆታቸውና ስለ ቤተ ሰባቸው ይናገራሉ። በዚያው ክረምት የእኛም አገር የቃኘው ሻለቃ ወታደሮች ከአሜሪካኖቹ 7ኛ ክፍለ ጦር ጋር ተሰልፈው በዚያው ግንባር ይዋጉ እንደ ነበረ እናስታውሳለን። ስለዚህ ያ በረዶና ያ ጠጣር መሬት ለአያቶቻችንም እንግዳ አልነበረም።

የመቶ አለቃው ነገር

አሁን ወደ ጽሑፋችን ዋና ነገር ደረስን። በዚያን ዘመን አሜሪካን አንድ ታላቅ ፍርሃት ይዟት ነበር። ሶቪየት ኅብረት በ1949 የአቶም ቦምብ ሠርታ ነበር፤ በዚያው ዓመት ቻይና በኮሚዩኒስቶች እጅ ገባች፤ በ1950 ደግሞ የኮርያ ጦርነት ተነሣ። ሰላዮችም በእውነት ተይዘው ነበርና ፍርሃቱ ከምንም የተነሣ ነው ለማለት አይቻልም። ነገር ግን ፍርሃት ሚዛን የለውም። መምህሩ፣ የመንግሥት ሠራተኛው፣ ደራሲው፣ የሲኒማ ተዋናዩ፣ «ኮሚዩኒስት ነው» ተብሎ ከተጠረጠረ ማስረጃው ሳይነገረው እንጀራውን ያጣ ጀመር። ሲቢኤስ ራሱ እንኳ በ1950 መጨረሻ ሠራተኞቹን የታማኝነት መጠይቅ አስፈርሟል፤ ሙሮም ፈርሟል። ይህን የምንጽፈው ሰውየውን ለመንቀፍ ሳይሆን ደፋር የሚባለውም ሰው ሁልጊዜ ደፋር ሆኖ እንደማይገኝ ለማስታወስ ነው።

በ1953 ሚሺጋን በተባለው ክፍለ አገር፣ ዴክስተር በምትባል ትንሽ ከተማ፣ ማይሎ ራዱሎቪች የተባለ የ26 ዓመት ወጣት ይኖር ነበር። በአየር ኃይል የተጠባባቂ ጦር መቶ አለቃ፣ በዩኒቨርሲቲ ተማሪ፣ የሁለት ልጆች አባት ነበር። አንድ ቀን የአየር ኃይሉ ሹመቱን እንዲለቅ ጠየቀው። በእርሱ ላይ የተገኘ ጥፋት አልነበረም፤ ታማኝነቱም አልተነካም። ጥፋቱ የአባቱና የእኅቱ ነበር። ከሰርቢያ የመጡት ሽማግሌ አባቱ በአገራቸው ቋንቋ የሚታተም፣ ወደ ኮሚዩኒስት ያዘነበለ ነው የሚባል ጋዜጣ ያነብባሉ ተባለ። እኅቱም የግራ ሐሳብ አላት ተባለ። ራዱሎቪች ከአባቱና ከእኅቱ ጋር ያለውን ግንኙነት ቢያቋርጥ ሊድን እንደሚችል አወቀ፤ እርሱ ግን እንቢ አለ። ጉዳዩ በተሰማ ጊዜ ማስረጃው በታሸገ ፖስታ ውስጥ እንደ ነበረ ቀረ፤ እርሱም ጠበቃውም ውስጡን አላዩም።

የሙሮ ባልደረቦች ይህን በጋዜጣ አንብበው ወደ ዴክስተር ሄዱ። ወጣቱን ጠየቁት፤ አባቱን ጠየቁ፤ እኅቱን ጠየቁ፤ የከተማውንም ነዋሪዎች ጠየቁ። ጎረቤቶቹም ፈርተው ዝም አላሉም፤ ስለ ልጁ መልካምነት በካሜራ ፊት መሰከሩ። ራዱሎቪች የተናገረው ፍሬ ነገር ይህ ነበር፤ እኔ በዘመዶቼ ምክንያት የምፈረድብኝ ከሆነ ነገ ልጆቼም እኔን ካልካዱ በቀር እንጀራ ሊያጡ ነውን? በአገራችን የአባት ዕዳ ለልጅ ይተርፋል የሚባል አነጋገር አለ። ይህ ግን የገንዘብ ዕዳ ሳይሆን የሐሜት ዕዳ ነበር።

ዝግጅቱ ጥቅምት 20 ቀን 1953 ሊታይ ሲል ኩባንያው በጋዜጣ ለማስታወቅ ፈቃደኛ አልሆነም። ስለዚህ ሙሮና ፍሬንድሊ ከገዛ ኪሳቸው 1,500 ዶላር አውጥተው በኒው ዮርክ ታይምስ ማስታወቂያ አስነገሩ። ከአምስት ሳምንት በኋላ፣ ኅዳር 24 ቀን፣ የአየር ኃይሉ ሚኒስትር ሃሮልድ ታልቦት በዚያው ዝግጅት ላይ ቀርቦ ራዱሎቪች በሹመቱ እንዲጸና መወሰኑን ገለጠ።

ከሳሹ በገዛ ቃሉ

የፍርሃቱ ዋና አራጋቢ ተብሎ የሚታወቀው የዊስኮንሲኑ ሴናተር ጆሴፍ ማካርቲ ነበር። ማካርቲ በየካቲት 1950 ዊሊንግ በተባለች ከተማ ባደረገው ንግግር በውጭ ጉዳይ ሚኒስቴር ውስጥ ያሉ ኮሚዩኒስቶችን ስም ዝርዝር ይዣለሁ ብሎ ተነሣ። ቍጥሩ አንድ ጊዜ 205፣ ሌላ ጊዜ 57፣ ሌላ ጊዜ 81 ሆነ። ቍጥሩ ቢለዋወጥም ፍርሃቱ አልቀነሰም። በ1953 የምርመራ ኮሚቴ ሊቀ መንበር ሆኖ ብዙ ሰው እየጠራ ያስጨንቅ ጀመር።

ሙሮና ባልደረቦቹ የማካርቲን ፊልም ለብዙ ወራት ሰበሰቡ። በመጋቢት 9 ቀን 1954 ማታ ያሳዩት ግማሽ ሰዓት ከሞላ ጎደል የተሠራው በሴናተሩ በራሱ ንግግርና ምርመራ ነበር። ተመልካቹ ማካርቲ ሲናገር፣ ሲሥቅ፣ ምስክር ሲያዋርድ ያያል፤ ከዚያ ሙሮ የተባለውን ከእውነቱ ጋር ያነጻጽራል። በመጨረሻም ሙሮ የተለየ ሐሳብ መያዝ ከክህደት እንዳይቈጠር፣ ክስም እንደ ማስረጃ እንዳይወሰድ አስጠነቀቀ። ከዚህም ይልቅ እኛን ያስደነቀን ሌላ ነገር አለ። ሙሮ ጥፋቱን በአንድ ሰው ላይ ብቻ አልጫነም። ይህን ፍርሃት ማካርቲ አልፈጠረውም፤ የተጠቀመበት ግን በሚገባ ነው ብሎ ኃላፊነቱን ለተመልካቹም አካፈለ።

በአገራችን የድሮ ሙግት፣ «በላ ልበልሃ» በሚባለው ሥርዓት፣ ከሳሽና ተከሳሽ በአደባባይ ፊት ለፊት ቆመው ይከራከሩ ነበር፤ አላፊ አግዳሚውም እየሰማ ያመዛዝን ነበር። ሙሮም ያደረገው ከዚህ የራቀ አይደለም። ገና ከመጀመሪያው ለማካርቲ መልስ የሚሰጥበት እኩል ጊዜ እንዳለው አስታወቀ፤ ማካርቲም ሚያዝያ 6 ቀን ቀርቦ መልሱን ሰጠ። ነገር ግን በተነገረው ላይ በመከራከር ፋንታ ሙሮን ራሱን የኮሚዩኒስቶች ወዳጅ ነው ብሎ ከሰሰው። ሕዝቡም ሁለቱን ወገን ሰማ። ወደ ኩባንያው በሺህ የሚቈጠር ስልክ፣ ቴሌግራምና ደብዳቤ መጣ፤ የሚበዛውም ሙሮን የሚደግፍ ነበር።

በመካከሉ፣ መጋቢት 16 ቀን፣ «ሲ ኢት ናው» የአኒ ሊ ሞስን ጉዳይ አሳየ። ሞስ በጦር ሠራዊቱ መሥሪያ ቤት የምትሠራ ጥቁር አሜሪካዊት ነበረች። ስሟን ከኮሚዩኒስት ፓርቲ ጋር ያያያዘው ሰው በፊቷ አልቆመም። ማካርቲ ምርመራው ሳያልቅ ተነሥቶ ሄደ፤ ካሜራውም ባዶውን ወንበር አሳየ። ሴናተር ጆን ማክሌላን ሰውን በወሬና በሐሜት መኰነን እንደማይገባ ሲናገር በአዳራሹ የነበረው ሕዝብ አጨበጨበ። ጥያቄው ሴትዮዋ ኮሚዩኒስት ነች ወይስ አይደለችም የሚል አልነበረም፤ ከሳሽዋን ሳታይ ልትፈረድባት ይገባልን የሚል ነበር።

እዚህ ላይ ማጋነን አንፈልግም። ማካርቲን ሙሮ ብቻውን ጣለው ማለት ሐሰት ነው። ሴናተር ማርጋሬት ቼዝ ስሚዝ ገና በሰኔ 1950 በሕግ መወሰኛው ምክር ቤት ቆማ ይህን አካሄድ ነቅፋለች። በጋዜጣም የጻፉ ነበሩ። ሙሮ ከእነርሱ ዘግይቶ መጣ። ከእርሱም በኋላ ከሚያዝያ 22 እስከ ሰኔ 17 ቀን 1954 ድረስ በማካርቲና በጦር ሠራዊቱ መካከል የተደረገው ምርመራ በቴሌቪዥን በቀጥታ ታየና ሕዝቡ ሰውየውን ለብዙ ቀን ተመለከተው። በታኅሣሥ 2 ቀን 1954 የሕግ መወሰኛው ምክር ቤት በ67 ድምፅ በ22 ላይ ወቀሰው። «እውነትና ንጋት እያደር ይጠራል» እንደ ተባለው ሆነ። ዳሩ ግን ንጋቱ እስኪመጣ ድረስ እንጀራቸውንና ስማቸውን ያጡ ሰዎች ብዙ ነበሩ።

መስኮቱ ሲዘጋ

«ሲ ኢት ናው» ከዚህም በኋላ ታላላቅ ነገሮችን አሳየ። በሚያዝያ 12 ቀን 1955 የልጅነት ልምሻ ክትባት መሥራቱ በታወቀ ዕለት፣ ክትባቱን ያገኘው ዶክተር ዮናስ ሳልክ ቀርቦ ነበር። ሙሮ የክትባቱ ባለመብት ማን ነው ብሎ ቢጠይቀው፣ ፀሐይን የግል ንብረት ማድረግ ይቻላልን በሚል ፍሬ ነገር መለሰ። በዚያው ዓመት ሲጋራ ከሳንባ ካንሰር ጋር ስላለው ግንኙነት ሁለት ዝግጅት ቀረበ። ራሱ ሙሮ ግን ሲጋራ ከእጁ የማይለይ ሰው ነበረ፤ በ1965 በዚሁ በሽታ በ57 ዓመቱ አረፈ።

ዝግጅቱን ያዳከመው ማካርቲ አልነበረም፤ ገንዘብ ነበር። በሰኔ 7 ቀን 1955 ከ«ሲ ኢት ናው» በፊት ባለው ሰዓት የ64,000 ዶላር ጥያቄ የተባለ የጥያቄና መልስ ጨዋታ ተጀመረ። ተመልካቹ እንደ ጎርፍ ወደዚያ ሄደ፤ የዚያ ሰዓት ዋጋም ናረ። ወጪውን ይችል የነበረው የአሉሚኒየም ኩባንያ አልኮዋ በዚያው ዓመት ተወ። ዝግጅቱ በየሳምንቱ መታየቱ ቀርቶ አልፎ አልፎ ብቻ ይታይ ጀመር። የኩባንያው የበላይ ዊልያም ፔሊ አከራካሪ ነገር በታየ ቍጥር የሚመጣበትን ጭቅጭቅ እንደ ሆድ ቍርጠት ሰለቸው። በሐምሌ 1958 «ሲ ኢት ናው» ለመጨረሻ ጊዜ ታየ። ከጥያቄና መልስ ጨዋታዎቹም አንዳንዶቹ ለተወዳዳሪዎች መልሱን አስቀድመው ይነግሩ እንደ ነበር በ1959 በኮንግረስ ምርመራ ተገለጠ።

በጥቅምት 1958 ሙሮ በቺካጎ ለዜና ኃላፊዎች ባደረገው ንግግር ቴሌቪዥን ሊያስተምርና ሊያበራ የሚችለው ሰዎች ለዚህ ሊጠቀሙበት የቈረጡ እንደ ሆነ ብቻ ነው፤ አለዚያ ሽቦና መብራት ያለበት ሣጥን ነው የሚል ሐሳብ ሰነዘረ። በአገራችን የቴሌቪዥን ሥርጭት የተጀመረው በ1957 ዓ.ም. እንደ ኢትዮጵያ አቆጣጠር ነው። በዚያው አቆጣጠር በ1990ዎቹ መጨረሻም «ፕላዝማ» የምንለው የትምህርት ቴሌቪዥን ወደ ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤቶች ገባ። መምህሮቻችን እንደሚነግሩን መምህሩ በሚገባ ባስረዳበት ክፍል ፕላዝማው ጠቀመ፤ መምህሩ ቆሞ ብቻ ባየበት ክፍል ግን ሣጥን ሆኖ ቀረ። ዛሬ ደግሞ ካሜራውም መስኮቱም በየኪሳችን አለ።

ይህን ታሪክ ስለ ምን መረጥን?

ሁለት ዓመት ሆነው። ከክፍላችን የተዋጣ ገንዘብ ጠፋ። በዚያው ማታ በስልክ በምንጻጻፍበት የክፍላችን ስብስብ ውስጥ የአንድ ጓደኛችን ስም ተጻፈ። ማስረጃው ምን ነበር? ወንድሙ ታስሮ ነበር ተባለ፤ ሌላ ምንም አልነበረም። ከመካከላችን ስሙን መጀመሪያ የጻፈው አንድ ሰው ነው፤ ያስተላለፍነው ግን ብዙዎች ነን። ከእርሱ ጋር በአንድ ወንበር መቀመጥ ተውን። «ዝም ባለ አፍ ዝንብ አይገባበትም» ብለን ያልተናገርነውም ራሳችንን ከጥፋቱ ውጪ አደረግን። ከአሥራ አንድ ቀን በኋላ ገንዘቡ በስም መጥሪያው መዝገብ ሽፋን ውስጥ ተገኘ።

ይቅርታ ጠየቅነው። እርሱም ብዙ አልተናገረም። «ከእናንተ አንዱ እንኳ መጥቶ 'አንተ ነህ ወይ?' ብሎ ቢጠይቀኝ ምን ነበረበት?» አለን። ይህን እንድንጽፍ የፈቀደልን እርሱ ነው፤ ስሙን ግን አሁን እንኳ አንጽፍም።

የዴክስተርን ወጣት ታሪክ ስናነብ ያፈርነው ስለዚህ ነው። እነዚያ ጋዜጠኞች ካደረጉት ነገር ሁሉ ትልቁ እጅግ ቀላል ነበር፤ ሄደው ጠየቁት። «ነገርን ከሥሩ፣ ውሃን ከጥሩ» የሚለውን የአባቶቻችንን ቃል እኛ ለፈተና አጥንተነዋል፤ እነርሱ ሠርተውበታል። የዴክስተርም ጎረቤቶች ከፈራችው አገር ውስጥ ሆነው ለአንድ ልጅ መሰከሩለት፤ እኛ ግን ከአርባ ተማሪ አንድ ምስክር አላወጣንም።

ከእኛ በኋላ በእነዚህ ወንበሮች የምትቀመጡ ታናናሾቻችን ሆይ፣ ይህ መጽሔት በመጻሕፍት ቤት ቆይቶ አንድ ቀን በእጃችሁ ቢገባ፣ የምንተውላችሁ አደራ ይህ ነው። የሰው ስም በእጃችሁ ሲደርስ ከማስተላለፋችሁ በፊት ተነሡና ወደ ባለ ስሙ ሂዱ። ከእናንተ የሚርቀው ሁለት ወንበር ብቻ ነው።